የዊልፍሬድ ቴሲጀር የእስያ መጻሕፍት፤ የመንገደኛ ምስክርነት እንዴት ይመዘናል?

ስለ ዐረቢያ በረሓ በእንግሊዝኛ ከተጻፉት የጉዞ መጻሕፍት መካከል የዊልፍሬድ ቴሲጀር «የዐረቢያ አሸዋዎች» ከፍ ያለ ስፍራ ይዞ ይገኛል። መጽሐፉ የታተመው በ1959 ዓ. ም. ነው (በዚህ ጽሑፍ የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። ከዚያ ወዲህ እየተደጋገመ ሲታተም የኖረ ሲሆን፣ የሚያነቡትም ሰዎች ሁለት ዓይነት ናቸው። አንደኛው አንባቢ የመንገዱን ድካም፣ የውሃውን ጥም፣ የጓደኝነቱን ጽናት ለማየት ሲል ያነበዋል፤ እርሱም የፈለገውን አግኝቶ መጽሐፉን ይዘጋል። ሁለተኛው ግን የደቡብ ዐረቢያን ዘላኖች ልማድና ሕግ ለማወቅ የሚሻ ተማሪ ነው። ይህ ተማሪ መጽሐፉን እንደ ምስክር ቃል አድርጎ ይጠቅሰዋል። ምስክር ከሆነ ደግሞ እንደ ማንኛውም ምስክር ሊጠየቅ ይገባዋል። ከየት ቆሞ አየ? ምን ሳያይ ቀረ? ሊያይ የፈለገውስ ምን ነበር?

ለመጨረሻው ጥያቄ መልስ የሚገኘው ከዐረቢያ አስቀድሞ በአዲስ አበባ ነው። ቴሲጀር በሰኔ ወር 1910 ዓ. ም. በአዲስ አበባ በእንግሊዝ ሌጋሲዮን ግቢ ተወለደ። አባቱ ዊልፍሬድ ጊልበርት ቴሲጀር የእንግሊዝ መንግሥት ሚኒስትር ሆኖ ከ1909 እስከ 1919 ዓ. ም. በኢትዮጵያ ቆይቷል። በ1916 ዓ. ም. የሰገሌ ጦርነት ተደርጎ ንጉሥ ሚካኤል በተማረኩ ጊዜ፣ የድል አድራጊው ሠራዊት በንግሥት ዘውዲቱ ፊት በጃን ሜዳ ሲያልፍ የስድስት ዓመቱ ልጅ ከወላጆቹ ጋር ሆኖ ተመለከተ። በ1987 ዓ. ም. ባሳተመው «የመረጥሁት ሕይወት» በተባለው የሕይወት ታሪኩ፣ ይህ ቀን የኑሮውን አቅጣጫ እንደ ወሰነለት ራሱ ይናገራል። የአንበሳ ጎፈር የደፉትን ጦረኞች፣ ያጌጠውን ጋሻ፣ የነጋሪቱን ድምፅ ያየና የሰማ ልጅ ከዚያ በኋላ በእንግሊዝ አገር ትምህርት ቤት ቢቀመጥም ልቡ እዚያ አልተቀመጠም።

በዚህ ታሪክ ላይ አንድ ቃል መጨመር ያስፈልጋል። ሰገሌ የዙፋን ክርክር በደም የተፈታበት ሜዳ ነበረ፤ በሸዋም በወሎም ብዙ ቤት ሐዘን ተቀምጧል። ሕፃኑ ያየው ጌጡን ነው፤ በሕፃን አይፈረድም። ይሁን እንጂ ሰባ ዓመት ቆይቶ ሽማግሌው ሲጽፍ፣ ሙታኑን ሳያነሣ ባይቀርም፣ ገጹን የሞላው ያው ጌጥ መሆኑ ልብ ሊባል የሚገባው ነው። ቴሲጀር በእስያ ምድረ በዳና ረግረግ ለብዙ ዓመታት ሲዞር የፈለገው የዚያን ቀን ተመሳሳይ ነው ቢባል ከእውነት አይርቅም። ጦር መሣሪያውን የታጠቀ፣ በራሱ ሕግ የሚኖር፣ ማሽንና ጽሕፈት ቤት ያልደረሰበት ሕዝብ ይፈልግ ነበር። ያገኘው ሲመስለው ይወዳል፤ ሲለወጥበት ያለቅሳል።

በኤተንና በኦክስፎርድ ተምሮ በ1930 ዓ. ም. ለዐፄ ኃይለ ሥላሴ ዘውድ በዓል ተጠርቶ መጣ። በ1933 እና በ1934 ዓ. ም. የአዋሽን ወንዝ ተከትሎ እስከ መጨረሻው ሄደ፤ ስለዚህ ጉዞ ኋላ ይነገራል። በሱዳን በዳርፉርና በኑዌር አገር የእንግሊዝ አስተዳደር ሹም ሆኖ ሠራ። ጦርነቱ በመጣ ጊዜ ከዊንጌት ጋር በጎጃም ዘምቶ በ1941 ዓ. ም. በአጊባር ምሽግ የነበረውን የጠላት ጦር እጁን ካሰጡት መኮንኖች አንዱ ሆነ። ከዚያም በደሴ ለአልጋ ወራሽ አስፋ ወሰን አማካሪ ሆኖ ጥቂት ጊዜ ቆየና ሥራውን ተወ። ለዐረቢያ ታሪኩ መነሻ የሆነው ነገር የተደረገው ወዲያው ከዚህ በኋላ ነው። በ1945 ዓ. ም. በአዲስ አበባ መሄጃ ሲጠባበቅ ሊን የሚባል የአንበጣ ባለሙያ አገኘው፤ አንበጣ በደቡብ ዐረቢያ በረሓ ይፈለፈል እንደ ሆነ ሄዶ የሚመረምር ሰው እንደሚፈለግም ነገረው። ስለ ነፍሳት ምንም የማያውቀው ቴሲጀር ሳያመነታ እሺ አለ። አንበጣው ሰበብ ነበረ፤ የተመኘው አሸዋውን ነው።

ሩብ አል-ኻሊ፣ ማለት «ባዶው ሩብ»፣ ስድስት መቶ ሺህ ካሬ ኪሎ ሜትር ያህል ስፋት ያለው የአሸዋ ምድር ነው። ከአውሮፓውያን አስቀድሞ የተሻገሩት በርትራም ቶማስ በ1930 እና 31፣ ፊልቢ ደግሞ በ1932 ዓ. ም. ናቸው። ስለዚህ ቴሲጀር የመጀመሪያው አይደለም፤ እርሱም ነኝ አላለም። ልዩ የሚያደርገው ሁለት ጊዜ፣ አንደኛውን በ1946 እና 47፣ ሁለተኛውን በ1947 እና 48፣ በየተለያየ አቅጣጫ መሻገሩ፣ ከዚያም እስከ 1950 ዓ. ም. በዚያው አገር መመላለሱ ነው። በመጀመሪያው ጉዞ ከሳላላ ተነሥቶ፣ ዑሩቅ አሽ-ሺባ የተባሉትን ተራራ የሚያህሉ የአሸዋ ክምሮች አልፎ እስከ ሊዋ አጠገብ ደረሰ። መንገዱን የመራው ሙሐመድ አል-ዐውፍ የተባለ የራሺድ ጎሣ ሰው ነበረ፤ ገና ጎረምሳ የነበረው ሳሊም ቢን ከቢናም አብሮት ተጓዘ። በሁለተኛው ጉዞ ሱለይል ሲደርስ ያለ ንጉሥ ዐብዱል ዐዚዝ ፈቃድ ገብተሃል ተብሎ ታሰረ፤ ያስፈታውም የፊልቢ ምልጃ ነው።

የዚህ መጽሐፍ ዋጋ ከምን እንደሚመነጭ በመጀመሪያ መናገር ይገባል፤ ከምስጋናው ሳይጀምሩ ወደ ነቀፌታ የሚሮጡ ተቺዎች ብዙ ናቸውና። ቴሲጀር የበደዊኑን ልብስ ለብሶ፣ በባዶ እግሩ ሄዶ፣ ከጓደኞቹ ጋር ከአንድ ገበታ በልቶ፣ ውሃውን በእኩል እየተሰፈረለት ጠጥቷል። በዚህም ምክንያት በድንኳን ሆኖ በአስተርጓሚ የሚጠይቅ መርማሪ የማያገኘውን ነገር አገኘ። የአንድ ጎሣ ሰው ከሌላ ጎሣ የመጣውን መንገደኛ «ረቢዓ» ሆኖ ሲያጅበው የገዛ ወገኖቹ እንኳ መንገደኛውን ሊነኩ እንደማይችሉ፣ ይህም ዋስትና ምን ያህል ርቀትና ምን ያህል ጊዜ እንደሚጸና፣ ማን ለማን ሊሰጥ እንደሚችል የጻፈው ሁሉ በአካል ተፈትኖ የተገኘ ነው፤ ሕይወቱ በዚሁ ሕግ ላይ ተንጠልጥላ ነበርና። የግመልን ዱካ አይቶ ስንት ሰው እንዳለፈ፣ ከየትኛው ጎሣ እንደ ሆነ፣ መቼ ውሃ እንደ ጠጣ የሚያውቁትን ሰዎች ጥበብ ሲገልጽም አያጋንንም፤ ዐዋቂው ከምን ምልክት ተነሥቶ ምን እንዳለ ያስረዳል።

ስለ ለጋስነት የጻፈው ደግሞ ከሁሉ ይበልጣል። በአንድ ስፍራ ለብዙ ቀን ሥጋ ሳያዩ የቆዩት ተጓዦች አንድ ጥንቸል አግኝተው አብስለው ሊቀርቡ ሲሉ እንግዶች ድንገት ይመጡባቸዋል። ባለቤቶቹ እኛ በልተናል ብለው ጥንቸሉን ለእንግዶቹ ያቀርባሉ። ቴሲጀር በዚያን ሰዓት እንግዶቹን ሊገድላቸው ቃጥቶት እንደ ነበረ ሳይሸሽግ ይናገራል። በሌላ ስፍራ እጅግ የተጎሳቈለ አንድ ሽማግሌ ይመጣል፤ ቢን ከቢና በታላቅ አክብሮት ይቀበለዋል። የኋላ ኋላ ሲጠየቅ፣ ሰውየው ቀድሞ ባለ ጸጋ እንደ ነበረ፣ ነገር ግን ግመሎቹን ለእንግዶች እያረደ እንደ ጨረሰ ያስረዳል፤ በአነጋገሩም ውስጥ ቅናት አለ። አንድ ሕዝብ ሀብት ከማካበት ይልቅ በመስጠት ስም የሚያገኝበትን ሥርዓት ለማስረዳት ከእነዚህ ሁለት ታሪኮች የተሻለ ምሳሌ ማግኘት ያስቸግራል።

ዳሩ ግን እነዚህ ታሪኮች የተጻፉት መቼ ነው? ቴሲጀር ሲጓዝ መጽሐፍ የመጻፍ ሐሳብ እንዳልነበረው፣ ጽፎም ያሳተመው ዐሥር ዓመት ያህል ቆይቶ እንደ ሆነ በመግቢያው ይናገራል። በጉዞው ላይ ማስታወሻ ይይዝ ነበር፤ ለእናቱም ይጽፍ ነበር። ስፍራውን፣ ቀኑንና የውሃ ጕድጓዱን ስም ከዚህ ማግኘት ይቻላል። የሰዎቹን ንግግር ግን እንዴት? በመጽሐፉ ውስጥ ቢን ከቢናም፣ አል-ዐውፍም፣ ቢን ገበይሻም በአንድ ዓይነት ጥንታዊነት በተቀባ እንግሊዝኛ ይናገራሉ፤ ሽማግሌውን ከጎረምሳው፣ የራሺዱን ሰው ከበይት ከሲሩ በአነጋገሩ መለየት አይቻልም። ቃላቸው በዐረብኛ ምን እንደ ነበረ የሚያሳይ ነገር አልተጨመረበትም። ስለ ቅኔ፣ ስለ ስድብ፣ ስለ መሐላ የሚያጠና ሰው ከዚህ መጽሐፍ ብዙ አያተርፍም። ቻርልስ ዳውቲ በ1888 ዓ. ም. ስለ ሰሜን ዐረቢያ በጻፈው ታላቅ መጽሐፍ ውስጥ የሰዎቹን ቃል በዐረብኛው እያስገባ ስለ ነበረ፣ ምንም እንኳ እንግሊዝኛው ለማንበብ አስቸጋሪ ቢሆን፣ በዚህ ረገድ ከቴሲጀር ይሻላል።

ከዚህም የሚከብድ ጥያቄ አለ። በመጀመሪያው መሻገር ጊዜ ጓደኞቹ ወደ ሊዋ ምግብ ፍለጋ ሄደው ቴሲጀር በአሸዋው መካከል ሦስት ቀን በረኃብ ጠበቃቸው። በዚያ ስለ ምግብ እያለመ ሳለ፣ በመኪና ተጭኖ ከሚመጣ ጥጋብ ይልቅ ያ ረኃብ እንደሚሻለው ለራሱ ይናገራል። ይህ ገጽ በመጽሐፉ ውስጥ እጅግ ከሚጠቀሱት አንዱ ነው፤ ውበቱም አይካድም። ነገር ግን የቴሲጀር ረኃብና የቢን ከቢና ረኃብ አንድ አይደሉም። እንግሊዛዊው በፈለገ ጊዜ ትቶት ወደ ሎንዶን መመለስ ይችላል፤ ጎረምሳው ግን አባቱ የሞተበት፣ እናቱና ታናናሾቹ የሚጠብቁት ነው፤ ከቴሲጀር ጋር የሄደውም ደመወዝና ጠመንጃ ለማግኘት ጭምር ነው። ደራሲው ይህን ልዩነት ያውቀዋል፤ በየቦታውም ያነሣዋል። ሆኖም መደምደሚያውን ሲያወጣ ይረሳዋል። ከመከራ የሚገኘው ክብር በመከራው ውስጥ ለሚኖር ሰው ምን ያህል እንደሚመዝን ለመወሰን ሥልጣን ያለው መከራውን ያልመረጠው ሰው ነው።

«የዐረቢያ አሸዋዎች» ከዳር እስከ ዳር የልቅሶ መጽሐፍ ነው። ነዳጅ ዘይት መጣ፣ መኪና መጣ፣ ስለዚህ የበደዊኑ ሕዝብ አለቀ ይላል። በአቡ ዳቢ ነዳጅ የተገኘው በ1958 ዓ. ም.፣ መጽሐፉ ከመታተሙ አንድ ዓመት አስቀድሞ መሆኑን ስናስታውስ ልቅሶው በወቅቱ የመጣ ይመስላል። ቴሲጀር በ1948 ዓ. ም. በሙወይቂዕ ምሽግ በእንግድነት የተቀበለውና እጅግ ያደነቀው ሼክ ዛይድ ቢን ሱልጣን በ1971 ዓ. ም. የተባበሩት የዐረብ ኤሚሬቶች የመጀመሪያው ፕሬዚዳንት ሆነ። አገሩ እንደ ተለወጠ ማንም አይክድም። ነገር ግን ኑሮው ተለወጠ ማለትና ሕዝቡ አለቀ ማለት የተለያዩ ናቸው። አሜሪካዊው የኤትኖሎጂ ሊቅ ዶናልድ ኮል ከ1968 እስከ 1970 ዓ. ም. በዚያው በባዶው ሩብ ሰሜናዊ ክፍል ከሚኖሩት ከአል-ሙራ ዘላኖች ጋር ተቀምጦ በ1975 ዓ. ም. መጽሐፍ አሳትሟል። ኮል ያገኛቸው ሰዎች መኪና ያላቸው፣ ከልጆቻቸው አንዳንዶቹ የመንግሥት ወታደር ሆነው ደመወዝ የሚቀበሉ ነበሩ፤ ግን ግመል ያረባሉ፣ በጎሣቸው ይተዳደራሉ፣ በረሓውንም አልተዉም። ቴሲጀር የሞት ምልክት አድርጎ ያየውን መኪና እነርሱ ለኑሯቸው መሣሪያ አድርገውታል።

የኮል መጽሐፍ ሌላም ነገር ያሳያል። በውስጡ ቤተ ሰብ አለ፤ ድንኳን የሚፈትሉና የሚሠሩ፣ ቤቱንም የሚያስተዳድሩ ሴቶች አሉ። በቴሲጀር መጽሐፍ ግን ሴት ብትታይ ከሩቅ፣ በጕድጓድ አጠገብ ወይም በመንደር ጥግ አልፋ ትሄዳለች። ባዕድ ወንድ ወደ ሴቶች ሊቀርብ አይችልም የሚለው መልስ ግማሹን ብቻ ያስረዳል። ከወንዶቹ ስለ ጋብቻ፣ ስለ ጥሎሽ፣ ስለ ፍቺ፣ ስለ ውርስ መጠየቅ ይቻል ነበር፤ አልጠየቀም። የሚጓዙትን ጎልማሶች ብቻ ያየ ሰው አንድን ሕዝብ የጦረኞች ማኅበር አድርጎ ቢሥለው አያስደንቅም።

የካርታውም ጉዳይ አለ። በ1948 ዓ. ም. የሎንዶን የጂኦግራፊ ማኅበር ሜዳሊያ የተሰጠው ስለ ጉዞውና ስለ ሠራው ካርታ ነው። ያ ካርታ ከእርሱ በኋላ ለመጡ፣ ሌላ ዓላማ ለነበራቸው ሰዎች መንገድ እንደ ጠረገ ቴሲጀር ራሱ በመጽሐፉ በሐዘን ይናገራል። በዑማን ውስጣዊ ክፍል የነበረው ኢማምና ብዙ ጎሦች ነዳጅ ፈላጊ ነው ብለው ሲጠረጥሩትና ሲከለክሉት እንደ ድንቍርና ማየት አይገባም፤ ስለ ሰውየው ልብ ተሳስተው ይሆናል፣ ስለ ሥራው ፍሬ ግን አልተሳሳቱም።

ከዐረቢያ ከወጣ በኋላ ቴሲጀር ወደ ኢራቅ ሄዶ፣ ከ1951 እስከ 1958 ዓ. ም. አብዛኛውን ጊዜ በጤግሮስና በኤፍራጥስ መካከል ባለው ረግረግ ከመዕዳን ሕዝብ ጋር ኖረ። ስለዚህ ኑሮ የጻፈው «የረግረጉ ዐረቦች» በ1964 ዓ. ም. ታተመ። ብዙ አንባቢ ይህን ከመጀመሪያው ያነሰ መጽሐፍ አድርጎ ይመለከተዋል፤ በቋንቋው ጥራት ረገድ ፍርዱ ትክክል ነው። ትረካው ይበተናል፤ የሰው ስም ይበዛል፤ የከርከሮ አደኑ እስከሚያሰለች ይደጋገማል። እንደ ምስክርነት ሲመዘን ግን ብልጫው የዚህኛው ነው፤ ምክንያቱም ቴሲጀር በረግረጉ ውስጥ መንገደኛ ብቻ ሆኖ አልቀረም፤ ሥራ ነበረው።

ሥራው ሕክምና ነው። ሐኪም አልነበረም፤ ነገር ግን የመድኃኒት ሣጥን ይዞ በታንኳ ከመንደር መንደር ሲዞር በሽተኛ ሁሉ ይቀርበዋል። ወንዶች ልጆችንም ይገርዝ ነበር፤ የአገሩ ገራዦች የሚገርዙት ቍስል ብዙ ጊዜ ስለሚያመረቅዝ ሰዎች ወደ እርሱ መጡ፤ ቍጥራቸውም ከብዙ መቶ በላይ ሆነ። ከበሽታ ጋር የቤት ምሥጢር ይወጣል። በዚህ መጽሐፍ ውስጥ ድህነት አለ፣ የደም ካሣ ክርክር አለ፣ የተጣሉ ወንድማማች አሉ። ሴት ሆና ተወልዳ እንደ ወንድ ለብሳ፣ ከወንዶች ጋር ተቀምጣ የምትኖር «ሙስተርጂል» የምትባል እንዳለችና ማኅበሩም እንደሚያከብራት የጻፈው ለጥናት ከፍ ያለ ዋጋ አለው። የሼኩ ልጅ ፋሊሕ፣ ለቴሲጀር ታራዳ የተባለውን ረጅም የጦር ታንኳ የሰጠው ሰው፣ በአደን ላይ ሳይታሰብ በዘመዱ ጥይት ሲሞት፣ ልቅሶውን፣ የገዳዩን ሽሽትና የዘመዶቹን ፍርሃት ያለ ጌጥ ይተርከዋል። ያለ ሚስማርና ያለ ሳንቃ ከግዙፍ ሸምበቆ ብቻ የሚሠራውን «ሙዲፍ» የሚባል የእንግዳ አዳራሽ ሲገልጽም የእንጨት ሠሪን ያህል ያስተውላል።

ይሁን እንጂ በዚያው ዘመን፣ በዚያው ረግረግ ሌላ ዓይን ነበረ። ኢራቃዊው ሊቅ ሻኪር ሙስጠፋ ሳሊም በ1953 ዓ. ም. በኤፍራጥስ በኩል ባለችው በጪባይሽ መንደር ተቀምጦ ለሎንዶን ዩኒቨርሲቲ ዲግሪ ያጠናውን በ1962 ዓ. ም. አሳትሟል። ሳሊም በዋና ጉዳይነት የያዘው ቴሲጀር በዳር የነካውን ነው። ሕዝቡ ከደንገል ምንጣፍ እየሠራ ለገበያ እንደሚያቀርብ፣ ትርፉ ወደ ማን እንደሚሄድ፣ የሼኮቹ ሥልጣን እንዴት እንደ ወደቀ፣ በወገን መካከል ያለው የክብር ደረጃ ምን እንደሚመስል በቤት ቍጥር ያስረዳል። የሳሊም ሰዎች ከገበያና ከመንግሥት ጋር የተያያዙ ናቸው፤ የቴሲጀር ሰዎች ከሱመር ዘመን ጀምሮ እንዳሉ ይመስላሉ። ሁለቱን ጐን ለጐን ያነበበ ተማሪ አንዱ የዘለለውን በሌላው ያገኛል። የአገሩ ልጅ የጻፈው መጽሐፍ በየቤተ መጻሕፍቱ አቧራ ሲለብስ የእንግዳው መጽሐፍ በየዓመቱ መታተሙ ስለ አንባቢዎች እንጂ ስለ መጻሕፍቱ አይመሰክርም።

ልዩነታቸው በተለይ ስለ ሼኮች በሚናገሩት ይታያል። ቴሲጀር በሼኮች ቤት በእንግድነት ኖረ፤ ብዙዎቹንም ወደደ። ትምህርት ቤት የገቡ ወጣቶች በኑሯቸው ቅር ተሰኝተው ወደ ከተማ መኰብለላቸውን ያዝንበታል። ነገር ግን ከዐማራ አውራጃ ወደ ባግዳድ ዳርቻ እየፈለሱ በሸምበቆ ጎጆ የሰፈሩት በብዙ ሺህ የሚቈጠሩ ገበሬዎች ያስለቀቃቸው ትምህርት አልነበረም፤ ባለ መሬቱ ሼክ ከሩዛቸው የሚወስደው ድርሻና ዕዳው ነው። (የአውራጃው ስም ከእኛ ሕዝብ ስም ጋር መመሳሰሉ አጋጣሚ ብቻ ነው።) በሐምሌ 1958 ዓ. ም. በኢራቅ አብዮት ሆኖ ንጉሡ ሲገደል ቴሲጀር ከአገሩ ወጥቶ ነበረ፤ ዳግመኛም አልተመለሰም። የመጽሐፉ የመጨረሻ ገጾች ይህን አብዮት የሚያዩት ከወዳጁ አዳራሽ ደጃፍ ቆመው ነው።

በመግቢያው ግን በጥቂት ቃል አንድ ነገር ተናግሮ አለፈ፤ ረግረጉ አንድ ቀን ሊደርቅ ይችላል አለ። ይህ ደረሰ። ከ1991 ዓ. ም. የደቡብ ኢራቅ አመፅ በኋላ የሳዳም ሑሴን መንግሥት ግድብና ቦይ ሠርቶ ውሃውን አዞረው። በ2000 ዓ. ም. ገደማ ከረግረጉ ዘጠና በመቶ ያህሉ ደርቆ ሕዝቡ ተሰደደ። በ2003 ዓ. ም. መንግሥቱ ሲወድቅ የአገሩ ሰዎች ግድቡን በገዛ እጃቸው ሰብረው ውሃውን መለሱ፤ ከፊሉ ዳነ፤ በ2016 ዓ. ም. ዩኔስኮ በዓለም ቅርስ መዝገብ አገባው። ቴሲጀር በብዙ መቶ ገጽ ያለቀሰላቸው የበደዊን ልጆች ዛሬ አሉ፤ በአንድ ዐረፍተ ነገር የጠረጠረው ግን እውነተኛ ጥፋት ሆነ፤ ያጠፋውም የመንግሥት ትእዛዝ እንጂ መኪና አልነበረም። ስለ ዘመናዊ ሥልጣኔ የነበረው ጥላቻ ማንን መፍራት እንደሚገባው እንዳያይ ጋርዶት ነበረ ማለት ይቻላል።

ስለ ተራሮቹ ብዙ አያስፈልግም። በ1952 እና 53 በቺትራልና በሁንዛ፣ በ1954 በሀዛራጃት፣ በ1956 እና በ1965 ዓ. ም. በኑሪስታን ተጉዟል። ከእነዚህ ጉዞዎች የወጣው መጽሐፍ የታተመው በ1998 ዓ. ም. ደራሲው ሰማንያ ስምንት ዓመት ሲሆነው ነው፤ ብዙ ስፍራም ስምና ርቀት ብቻ ይቈጥራል። ቋንቋቸውን የማያውቀው ሕዝብ መካከል በአስተርጓሚ ሲሄድ ቴሲጀር ከሌላው መንገደኛ የማይለይ መሆኑ የዐረቢያ መጻሕፍቱ ኃይል ከየት እንደ መጣ ያስረዳል። በ1956 ዓ. ም. ከእነዚህ ጉዞዎች በአንዱ ኤሪክ ኒውቢ ከሚባል ሌላ እንግሊዛዊ ጸሐፊ ጋር ተገናኝቶ ነበር፤ ኒውቢ አየር በተነፋ ፍራሽ ላይ መተኛቱን አይቶ ሲዘብትበት ተዘባቹ በ1958 ዓ. ም. በመጽሐፉ መጨረሻ ላይ ታሪኩን ጽፎ አሳቀበት። ቴሲጀር በራሱ መጽሐፍ የማይሥቅ ሰው ስለ ሆነ ይህችን ገጽ ማንበብ ይጠቅማል።

በ1977 ዓ. ም. ወደ ዑማንና ወደ አቡ ዳቢ ተመለሰ። ቢን ከቢናና ቢን ገበይሻ ጎልማሶች ሆነው፣ በመኪና መጥተው በሳላላ ተቀበሉት፤ በድንኳናቸውም አስተናገዱት። ቴሲጀር ያየው ሁሉ እንዳሳዘነው በመጽሐፉ አዲስ መቅድም ጻፈ። ዐሥራ ጥቂት ዓመት ቆይቶ በሌላ መቅድም ደግሞ ለውጡን እንደ ተቀበለው አስታወቀ። ሁለቱ መቅድሞች አንድ ላይ ሲታተሙ አንባቢው ግራ ይጋባል፤ ነገር ግን ለተማሪ ጠቃሚ ናቸው። በሁለቱም ውስጥ የተለወጠው የጸሐፊው ስሜት ነው፤ ቢን ከቢና ስለ ኑሮው ለውጥ ምን እንደሚያስብ ተጠይቆ የመለሰው ቃል በአንዳቸውም በሰፊው አይገኝም።

ከመጻሕፍቱ ውጭ የተወው ሌላ ሀብት አለ። በኦክስፎርድ ያለው የፒት ሪቨርስ ሙዚየም ሠላሳ ስምንት ሺህ ያህል የፎቶግራፍ ኔጋቲቮቹን ይዟል። አብዛኛው የሰው ፊት ነው፤ እዚህም ወንዶች ይበዛሉ። ሆኖም ከቃሉ ይልቅ ካሜራው የበለጠ ይናገራል፤ የግመሉ ኮርቻ አሠራር፣ የውሃው አቍማዳ ስፌት፣ የጠመንጃው ዓይነት፣ የታንኳው ቅርጽ ሳይታሰብ ገብተውበታልና። የእጅ ሥራ የሚያጠና ሰው ከእነዚህ ፎቶግራፎች ይጀምር።

የመንገድ ማስታወሻና ከብዙ ዓመት በኋላ የተጻፈ መጽሐፍ እንዴት እንደሚለያዩ ለማየት ደግሞ ወደ አዋሽ መመለስ ያስፈልጋል። በ1933 እና 34 ዓ. ም. ቴሲጀር በአፋር አገር (በዚያን ጊዜ አጠራር ደናክል) ሲጓዝ ዕለት ዕለት የያዘው ማስታወሻ በ1996 ዓ. ም. ታትሟል። ያን ጊዜ ሃያ ሦስት ዓመቱ ነው። ጉዞው በአውሳ ሱልጣን መሐመድ ያዮ ፈቃድ ላይ የተመሠረተ ነበር፤ ያም ፈቃድ እንዴት እንደ ተገኘ፣ ምን እንደ ተባለ፣ ማን እንደ ነበረ በዕለቱ ተጽፏል። የግመሎቹ ቍጥር፣ የሰዎቹ ደመወዝ፣ የታመመው፣ የከዳው፣ የሰፈሩበት ስፍራ ሁሉ አለ። በ1987 ዓ. ም. በታተመው የሕይወት ታሪኩ ይኸው ጉዞ ሲተረክ የገዳይነት ዝናና የጦረኞቹ ጌጥ ወደ ፊት መጥቶ ሌላው ሁሉ ወደ ኋላ ይሸሻል። አፋርን ከዚያ ገጽ ብቻ ያወቀ ሰው የግጦሽ መሬትን ክፍፍል፣ የጨውን ንግድና የጎሣን ፍርድ የሚመለከት ብዙ ነገር አያገኝም፤ በማስታወሻው ውስጥ ግን ፍንጩ በየገጹ ተበትኗል፤ አፋርኛ የሚያውቅ ተማሪ ስሞቹን አርሞ ከአገሩ ሽማግሎች ቃል ጋር ሊያስተያያቸው ይችላል።